የጉታራው ባለቤት

ኤርካሎ ሻንካ በዚህ ዓለም ከሁሉ አብልጦ የሚወደው ቦታ የመኪና የፊት ወንበር ነበር። ሰው አገሩን ይወዳል፣ ሚስቱን ይወዳል፣ ቁርጥ በዳጣ ይወዳል፤ እሱ ደግሞ ከሾፌር ጎን ተቀምጦ፣ ክርኑን በመስኮት አውጥቶ፣ በእግሩ የሚሄደውን ሰው ቁልቁል ማየት ይወዳል። የሚያውቀው ሰው መንገድ ዳር ቢያጋጥመው እጁን እንኳ አያነሳም። አገጩን ብቻ ትንሽ ከፍ ያደርጋል። ሶዶ ውስጥ ያቺን አገጭ የማያውቅ ሰው አልነበረም።

ፍቅሩ የጀመረው በልጅነቱ ነው። የተወለደው ከበዴሳ ወረድ ብሎ፣ ወደ ብላቴ ወንዝ በሚያዘቀዝቀው ቆላ ነው። ከማንጎ ዛፍ ወድቆ እግሩ ተሰበረና ዱቦ ሆስፒታል ተኛ፤ ሲሻለው በመኪና፣ ያውም በፊት ወንበር አስቀምጠው ወደ ቤቱ መለሱት። የመንደሩ ሰው መኪና ለማየት ግልብጥ ብሎ ሲወጣ፣ ኤርካሎ እሱን ሊያይ የወጣ መሰለው። ሰው በስምንት ዓመቱ እንዲህ ቢመስለው አይፈረድበትም። በስልሳ ዓመቱም ያው ሲመስለው ግን ምን ይባላል?

ሶዶ ወጥቶ ተማረ፣ አንድ መሥሪያ ቤት ንብረት ክፍል ገባ፣ እዚያው አርጅቶ ጡረታ ወጣ። በዚያ ሁሉ ዘመን ምን ሠራህ ቢባል መልሱ እንግዳ መቀበልና እንግዳ መሸኘት ነው። ከአዲስ አበባ ኃላፊ ሲመጣ ቦርሳ ተሻምቶ የሚይዝ እሱ፣ በር የሚከፍት እሱ፣ ቁርጥ ቤት ወስዶ ሻኛ የሚያስመርጥም እሱ። የፊት ወንበር ግን አልደረሰችውም። በመሥሪያ ቤት ወግ የፊት ወንበር የኃላፊ ናት፤ ኤርካሎ ከኋላ፣ ከማዳበሪያው ጆንያ ጋር ነው። ኃላፊዎች ተሾሙ፣ ተሻሩ፣ እሱ ከጆንያው ጋር ቀረ።

ሚስቱ እታፈራሁ አስተማሪ ናት፤ ምላሷም እንደ ሙያዋ ሳይለሰልስ የኖረ ነው። «አንተ ሰውዬ» ትለው ነበር፣ «የሰው ወርቅ አያደምቅ ሲባል አልሰማህም? የሰው መኪናማ ጭራሽ።» ይሰማታል፣ ፈገግ ይላል፣ በማግሥቱ ጫማውን አስጠርጎ መናኸሪያ አካባቢ ከወዲያ ወዲህ ይላል፤ ምናልባት የሚያውቀው ሾፌር ካለፈ ብሎ።

አባቱ አቶ ሻንካ ሌላ ዓይነት ሰው ነበሩ። መኪና ውስጥ የገቡት ታመው ካልሆነ በቀር በገዛ ፈቃዳቸው አይደለም። እርሻቸውን ያርሳሉ፣ እንሰታቸውን ይኮተኩታሉ፣ የሚታወቁት ግን በለቅሶ ነው። ወላይታ ውስጥ ለቅሶ ድንኳን ገብቶ ንፍሮ መቆርጠም ብቻ አይደለም። ጉታራ ላይ ይወጣል። ጉታራ በየመንደሩ መሐል የተዘረጋ ሰፊ የሣር ሜዳ ነው፤ ከብት ይግጥበታል፣ ልጅ ይሯሯጥበታል፣ የተጣላ ይታረቅበታል፣ ጊፋታ፣ የወላይታ አዲስ ዓመት፣ ሲገባ ይጨፈርበታል። ሰው ሲሞት ደግሞ ሬሳው መሐሉ ላይ ያርፍና አገር በሰልፍ እየዞረ ያለቅስበታል። ያንን ሰልፍ የሚመሩት፣ የሟቹን ስምና ሥራ እየጠሩ ጎልማሳውን ሁሉ እንደ ሕፃን የሚያስነቡት አቶ ሻንካ ነበሩ። ወንጌል ከተቀበሉ በኋላም የለቅሶውን ሰልፍ ጦርና ጋሻ ትተው መዝሙር ጨመሩበት እንጂ ሣሩን አልለቀቁም።

ከማንም ለቅሶ ቀርተው አያውቁም። ሰው የሚለቀስለት ባለቀሰው ልክ ነው የሚል እምነት ነበራቸው፤ ስለዚህ ለገዛ ለቅሷቸው የነበራቸው ጉጉት ሌላው ሰው ለሠርጉ ያለውን ያህል ነበር። «እኔ ስሞት» ይሉ ነበር ዓይናቸው እየበራ፣ «ሰልፉ ጉታራውን ይሞላዋል።»

ጉታራ አንድ ነገር ይከለክላል፤ የኔ ነው አይባልም። የሁሉ ነውና ማን ነው ባለቤቱ ተብሎ ቢጠየቅ የቆላው ሰው የሚመልሰው «የማንም አይደለም» ብሎ ነው። ኤርካሎ ልጅ ሳለ አባቱ የነገሩት ነገር አለ። በጃንሆይ ጊዜ አንድ ጎረቤት ከጉታራው ጫፍ ጥቂት ቆርሶ በቆሎ ዘራ፣ ለጠየቀው ሁሉ «የኔ ነው» አለ። ማንም አልከሰሰው፣ ማንም አልሰደበው። እናቱ የሞተች ዕለት ግን ሰዉ መጣ፣ ሬሳዋን ተሸክሞ ወደ ሌላ መንደር ጉታራ ወሰደ፣ አለቀሰላት፣ እሱን ጥሎት። ልጇ ከበቆሎው መሐል ቆሞ የእናቱን ለቅሶ ከሩቅ ሰማ። አቶ ሻንካ ይህን ሲያወሩ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጉ ነበር፣ ኤርካሎም በልጅነቱ ታሪኩን እየሰማ ከብርድ ልብሱ ስር ይሸጎጥ ነበር። ስለዚህ አላወቀም ነበር የሚል ሰው ካለ ይዋሻል።

አምስት ዓመት ገደማ ይሆነዋል ኩባንያው ከመጣ። ስሙ ረዥም ነበር፣ ግማሹ የእንግሊዝኛ፣ መጨረሻው ኢነርጂ የሚል፤ ሰዉ ግን «ጋዞቹ» ብሎ ተገላገለው። ጋዞቹ ሶዶ ውስጥ የሆቴል አዳራሽ ይዘው ስብሰባ ጠሩ። ኪሩቤል የሚባል፣ ከአዲስ አበባ የመጣ ወጣት የከርሰ ምድር ባለሙያ መድረክ ላይ ወጥቶ ግድግዳው ላይ ሥዕል እያሳየ አስረዳ። ከቆላው ስር፣ ሼል የሚባል እንደ መጽሐፍ ገጽ የተደራረበ ጥቁር አለት አለ። በገጾቹ መሐል የተፈጥሮ ጋዝ ታፍኗል። ጥልቅ ጉድጓድ ይቆፈራል፣ ውሃና አሸዋ በከባድ ግፊት ይለቀቅበታል፣ አለቱ ይሰነጠቃል፣ ጋዙ ይወጣል። ትልቅ ሜዳ ነው፣ ግዙፍ ክምችት ነው፣ ወላይታ ይለወጣል።

ይህን ወደ ወላይትኛ ይተረጉም የነበረው ኤርካሎ ነው። ማን እንዳመጣው አይታወቅም፤ ጫማውን አስጠርጎ መጥቶ መድረኩ አጠገብ ተገኘ። ሲተረጉም ከኪሩቤል በላይ ያውቃል። ኪሩቤል «ሊኖር ይችላል» ያለውን እሱ «አለ» ይላል፣ ኪሩቤል «እናጠናለን» ያለውን እሱ «ይወጣል» ይላል። ከቆላው የመጡ አንዲት አሮጊት ተነሥተው፣ «ልጄ፣ ከስራችን ያለውን ድንጋይ ከሰነጠቃችሁት እኛ ምን ላይ ልንቆም ነው?» ብለው ጠየቁ። ኤርካሎ ወደ ኪሩቤል ዞሮ፣ «እናታችን በጣም ደስ ብሏቸዋል» አለ። ኪሩቤል አጨበጨበ። አሮጊቷም መልስ የተሰጣቸው መስሏቸው ተቀመጡ።

ከዚያ በኋላ ሶዶ አበደች። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ ይባላል፤ የሶዶ ላም ከመሬት በታች ስለነበረች ጭራሽ ጭራዋም አልታየም። ይህ ማንንም አላገደም። አንዱ ሥጋ ቤት ስሙን ቀይሮ «ጋዝ ቁርጥ ቤት» ተባለ። ሰባኪው ሳይቀር ስለ ምድር በረከት ሦስት እሑድ ሰበከ። ከሰል መግዛት ያቆሙ ቤቶች ነበሩ፣ ጋዙ እስኪወጣ በጭራሮ እየተንጨረጨሩ። በየካፌው ስለ ጋዝ የማያወራ ሰው የታመመ ይመስል ነበር። ከዚያ በፊት አለት ከድንጋይ የማይለይ ሁሉ ሼል እንዲህ ነው፣ ሼል እንዲያ ነው እያለ ማኪያቶውን ያማስላል።

ኤርካሎ ተቀጠረ። የኅብረተሰብ ግንኙነት ተባለ፤ ነጭ ሄልሜት፣ የሚያንጸባርቅ ሰደርያ፣ ደረት ላይ የሚንጠለጠል ባጅ ተሰጠው። ከሁሉም በላይ ደግሞ የላንድክሩዘሩ የፊት ወንበር ተሰጠችው! እዚህ ላይ እውነቱን መናገር ይገባል። ወንበሯ የተሰጠችው ስለተከበረ አይደለም። ኪሩቤል ከኋላ እግሩን ዘርግቶ ላፕቶፑን ጭኑ ላይ መክፈት ስለሚመቸው ነው። ይህን ሾፌሩ ያውቃል፣ እታፈራሁ በሁለተኛው ቀን ገብቷታል፣ ኤርካሎ ብቻ እስከ መጨረሻው አልገባውም። ሄልሜቱን አድርጎ ቸርች ሄደ። ሄልሜቱን አድርጎ ቁርጥ በላ። «ምን ሊወድቅብህ ነው?» አለችው እታፈራሁ። «ኮርኒሱ?»

ጋዞቹ ለመቆፈሪያ የሚሆን ቦታ ፈለጉ፤ ሜዳ የሆነ፣ ሰፊ የሆነ፣ ቤትም እርሻም የሌለበት፣ ለመንገድ የቀረበ። ቆላውን ሲዞሩ ኪሩቤል ከላፕቶፑ ቀና አለና በመስኮት አየ። የእነ ኤርካሎ ጉታራ አረንጓዴ ሆኖ ተዘርግቷል።

«ይሄ ሜዳ የማነው?»

«የማንም አይደለም» አለ ኤርካሎ፤ አፉ ከልጅነቱ የለመደውን።

«እንደሱ ከሆነማ ጥሩ ነው። ሕዝቡ አስቀድሞ ይጠየቅ፣ በኋላ ችግር እንዳይመጣ።»

ሕዝቡ ተጠራ። እዚያው ሣሩ ላይ ተቀመጠ፣ አቶ ሻንካም በዱላቸው ተደግፈው መጡ። ኪሩቤል መሐል ቆሞ፣ «ይህ መሬት የኔ ነው የሚል እጁን ያውጣ» አለ፤ ኤርካሎ ተረጎመ።

ማንም እጁን አላወጣም። ማን ያወጣል? አንድ ሰው እጁን ቢያወጣ በዚያች ቅጽበት ከጎኑ የተቀመጡት ተነሥተው ይርቁት ነበር። ነውሩን የሚያውቅ ሁሉ እጁን ጭኑ ላይ አድርጎ፣ ለጉታራው ክብር ሲል፣ ዝም አለ። ኪሩቤል ግራ ቀኝ አየ፣ ራሱን ነቀነቀ፣ አመስግኖ በስልክ እያወራ ወደ መኪናው ሄደ።

የቸርቹ ሽማግሌ አቶ ኤልሳዕ የአቶ ሻንካ የቅርብ ወዳጅ ናቸው። የኤርካሎን ክንድ ያዙት። «የሻንካ ልጅ፣ ይህ ልጅ አልገባውም። ዝም ያልነው ባለቤት ስለሌለው አይደለም፣ የሁላችን ስለሆነ ነው። የምንለቀስበት ነው። አስረዳው።»

«አስረዳዋለሁ አባባ» አለ ኤርካሎ።

ሽማግሌዎቹ በዚህ ረክተው ተበተኑ። የገዛ ልጃቸው፣ የሻንካ ልጅ፣ ከጋዞቹ መሐል ገብቶ የሚናገርላቸው አለ፤ ሌላ ምን ይፈልጋሉ! ያልጠረጠረ ተመነጠረ የተባለው ለእንዲህ ዓይነቱ ቀን ነው።

መኪናው ተነሣ። ኤርካሎ የሚናገረው አንድ ዓረፍተ ነገር ነበር፤ እውነቱን ለመናገር አንድም አይሞላም። አፉን ሊከፍት ሲል ኪሩቤል ከኋላ ትከሻውን መታ አደረገውና፣ «ጋሽ ኤርካሎ፣ እርስዎ ባይኖሩ ይሄ ቦታ ሁለት ዓመት ይፈጅብን ነበር። እርስዎ ሰው ኖት!» አለው። የዚህን ጊዜ መኪናው በዴሳ ገበያ መሐል እያለፈ ነበር፤ የሚያውቁት ሰዎች ቆመው ያያሉ። ኤርካሎ አገጩን ከፍ አደረገ። ዓረፍተ ነገሯን ዋጣት።

በወሩ ዶዘር መጣ። አያት ቅድመ አያት የዞረበትን ሣር በግማሽ ቀን ገፎ ከዳር ቆለለው፣ ቀይ ገረጋንቲ ተደፋበት፣ ዙሪያውን የሽቦ አጥር ተተከለ፣ የብረት በር ተገጠመ። አቶ ሻንካ ከቤታቸው ወጥተው አጥሩን ተደግፈው ቆሙ። ልጃቸው ሄልሜቱን እንዳደረገ መጣ።

«አስረዳኸው?» አሉት።

«አስረድቼዋለሁ አዋ። ከበላይ ነው የተወሰነው።»

አዋ ማለት በነሱ ቋንቋ አባት ማለት ነው። አባቱን አዋ ብሎ ጠርቶ ዋሻቸው።

አቶ ሻንካ ገረጋንቲውን አዩ፣ ልጃቸውን አዩ። «እኔስ የት ነው የምለቀሰው?»

«አዳራሽ ይሠራልናል አዋ። ጋዙ ሲወጣ ትልቅ አዳራሽ፣ ወንበር ያለው።»

«ወንበር ላይ ተቀምጦ ማን ያለቅሳል?» አሉና ዱላቸውን አንሥተው ወደ ቤታቸው ገቡ። ከዚያ ቀን ወዲህ ስለ ለቅሷቸው ሲያወሩ ዓይናቸው አልበራም።

ቁፋሮው ጀመረ። ማሽኑ ሲያጓራ የእንሰቱ ቅጠል ይንቀጠቀጣል፣ ላም ወተት ትከለክላለች፣ ሰው ከጎረቤቱ ጋር የሚነጋገረው እየጮኸ ነው። አንድ ቅዳሜ ድንኳን ተተከለ፣ ባለሥልጣን ተጠራ፣ ከረዥም ቧንቧ ጫፍ ላይ እሳት ተለኮሰ። ቡግ አለ፣ ለጥቂት ደቂቃ ነደደ፣ ተጨበጨበ። ኤርካሎ ፊት ለፊት ተቀምጦ እያለቀሰ አጨበጨበ፤ ያንን እሳት እሱ የተፋው ይመስል። ከዚያ እሳቱ ጠፋ። ተመልሶ አልነደደም።

በዚህ መሐል ሰው መሞቱን አላቆመም። ሬሳን ለሌላ መንደር ጉታራ አሳልፎ መስጠት ከባድ ነውና የሚሞተው ሁሉ መንገድ ዳር ተለቀሰ፤ ሬሳው በአጥሩና በአስፋልቱ መሐል ባለች ጠባብ ቦታ ያርፋል፣ ሰልፉ መዞር ስለማይችል ወዲህና ወዲያ ይላል፣ ሚኒባስ ጡሩምባውን እየነፋ በመሐሉ ያልፋል። አቶ ሻንካ ያንንም አልቀሩም። ስም እየጠሩ ሲያስለቅሱ የሞተር ሳይክል ድምፅ ይበልጣቸው ነበር።

ኪሩቤል አንድ ቀን ሶዶ ላይ ስንብት አደረገ። «ጋዙ አለ» አለ። «ግን በሚፈለገው መጠን አይለቅም። አለቱ አልተባበረንም።» በዚያ አገር ያልተባበራቸው አለቱ ብቻ ነው። ማሽኑ ተፈታ፣ ተጫነ፣ ሄደ። ላንድክሩዘሩም ሄደ። ጉድጓዱ አፉ ላይ ሲሚንቶ ተደፍቶበት፣ አንድ የብረት ጉቶ ወጥቶበት ቀረ። አጥሩም ቀረ፤ ኩባንያው ሊመለስ ይችላል ተብሎ። ሳሚ የሚባል የሶዶ ሰው ጥበቃ ሆኖ ቁልፍ ተሰጠው፣ ባለቤቱ ካልመጣ ለማንም እንዳትከፍት ተባለ፣ ከዚያ የሚጠይቀው ጠፋ። ኤርካሎ በዚያ ቀን ከቆላው ወደ ሶዶ የተመለሰው ሞተር ላይ ከኋላ ተፈናጥጦ ነው። ሄልሜቱን ግን አልመለሰም። የሥጋ ቤቱ ባለቤት የጋዙን ስም ሲያስፋቅ እሱ አሁንም በከተማው ውስጥ፣ «ይመለሳሉ፣ ለኔ ደውለውልኛል» እያለ ይዞር ነበር። ማንም አልደወለለትም።

አቶ ሻንካ ታመሙ። ኤርካሎ ከእታፈራሁ ጋር ወርዶ አልጋቸው አጠገብ ተቀመጠ። ሽማግሌው ጣራ ጣራውን እያዩ፣ «መንገድ ዳር ነው?» አሉ።

ኤርካሎ ያን ጊዜ አለቀሰ፤ ይህን አለመጻፍ ደግ አይሆንም። የአባቱን እጅ ይዞ፣ «ጉታራው ላይ ነው አዋ። እኔ አስከፍተዋለሁ። መሐሉ ላይ ነው የሚለቀስልዎት» አላቸው። አቶ ሻንካ ጭንቅላታቸውን ወደሱ አዞሩ። ሊያምኑት ፈለጉ። በማግሥቱ አረፉ።

ከሩቁ ከጉኑኖ ሳይቀር ሰው መጣ። አቶ ሻንካ ያለቀሱለት ሰው ልጅ፣ የልጅ ልጅ፣ አማች ሁሉ ወረደ። ሬሳውን የተሸከሙት ወጣቶች እንደለመዱት መንገድ ዳር ሊያሳርፉ ሲሉ ኤርካሎ ከፊት ቆመ። ነጩን ሄልሜት አድርጓል፣ ሰደርያውን ለብሷል፣ ባጁ ደረቱ ላይ ተንጠልጥሏል። እታፈራሁ ከቤት ሲወጡ «አውልቀው፣ በእግዚአብሔር» ብላው ነበር።

«አታሳርፉ!» አለ። «ጉታራው ይከፈታል።»

አቶ ኤልሳዕ ቀረብ ብለው፣ «ልጄ፣ እንደ ሌላው ሰው እዚሁ እናልቅስ። ሻንካ አይቀየምም» አሉት።

«አባቴ እንደ ሌላው አይለቀስም!» አለ ኤርካሎ። እዚህ ላይ ሐዘን ምን ያህል እንደሆነ፣ የፊት ወንበር ፍቅር ምን ያህል እንደሆነ እሱም አያውቀውም። ወደ ብረት በሩ ሄዶ ደበደበ። ሳሚ ከጥበቃ ቤቱ ወጣ። ከነኤርካሎ ጋር ስንት ጊዜ ሻይ የጠጣ ሰው ነው፤ ሕዝቡን ሲያይ ባርኔጣውን አወለቀ።

«ሳሚ፣ ክፈት።»

«ነፍስ ይማር ጋሼ። ግን እኔ ምን ላርግ? ባለቤት ሳይመጣ አትክፈት ብለውኛል። እንጀራዬ ነው።»

«ባጁን አታይም? የኩባንያው ሰው ነኝ!»

«ጋሼ፣ እርስዎም እንደኔ ተቀጣሪ ነበሩ» አለ ሳሚ፣ ቀስ ብሎ፣ ሰው እንዳይሰማበት። «ባለቤት ነው ያሉኝ። ባለቤቱ ማነው? አንድ ሰው ባለቤት ነኝ ይበለኝና እከፍታለሁ፣ ሲጠይቁኝ እሱ ነው አስከፈተኝ እላለሁ።»

ሰዉ ይሰማ ነበር። አማርኛ የማያውቀው እንኳ ጥያቄውን አውቆታል፤ አንድ ጊዜ እዚሁ ቦታ ተጠይቋል። የያኔው ዝምታ ተመለሰ። ሬሳውን የተሸከሙት ትከሻ ቀየሩ። ኤርካሎ ዞር ብሎ ሕዝቡን አየ፣ አንድ ሰው አንድ ነገር እንዲል ጠበቀ። ያን ሁሉ ዘመን ያልተባለ ነገር ዛሬ ለሱ ሲል የሚል አልተገኘም።

«የኔ ነው» አለ።

በአማርኛ ነው ያለው። ሳሚ፣ «እሺ ጋሼ፣ ጮክ ብለው ይበሉልኝ፣ ምስክር እንዲሆነኝ» አለ።

«መሬቱ የኔ ነው! ክፈት!» ይህን ጊዜ ጮኸ፤ ቁጣው መጣና በወላይትኛም ደገመው።

ሰንሰለቱ ተፈታ፣ በሩ ሲጢጥ እያለ ተከፈተ። ኤርካሎ ገብቶ ገረጋንቲው ላይ ቆመ፣ ፊቱን ወደ ሕዝቡ አዞረና እጁን ዘረጋ። «ግቡ» አለ፤ እንደ ቤት ጌታ። ጉታራ ላይ ሰው ግቡ ተብሎ አያውቅም።

ማንም አልገባም። አቶ ኤልሳዕ ከበሩ መስመር ወዲህ ቆመው፣ «ምን አልክ ልጄ?» አሉት። ድምፃቸው የለመነ ያህል ነበር። አላልኩም ቢል፣ አፌ ነው ያመለጠኝ ቢል፣ ሐዘን ነው ብለው ሊያልፉት ተዘጋጅተዋል። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ሽማግሌው ግን አፋፉ ላይ ቆመው እጃቸውን ዘርግተውለት ነበር።

ኤርካሎ ሄልሜቱን አስተካከለ። «የኔ ነው አልኩ እኮ። አስከፈትኩላችሁ፣ ግቡ።»

አቶ ኤልሳዕ ወደ ኋላ ዞሩ። ወጣቶቹ ሬሳውን ይዘው ዞሩ። ሰልፉ ከጫፍ ጀምሮ ተጠመዘዘ፣ ማንም ሳይጣራ፣ ማንም ሳይሳደብ፣ ወደሚቀጥለው መንደር ጉታራ የሚወስደውን መንገድ ተያያዘው። እታፈራሁ በሩ ላይ ቆማ ባሏን አየችው። ነጠላዋን ዘቅዝቃ ለብሳ፣ አማቷን ተከትላ ሄደች።

ራቅ ብለው ለቅሶውን አነሡ። ሞተር የለም፣ ሚኒባስ የለም፣ የአቶ ሻንካ ስም ጥርት ብሎ ይሰማል። አለቀሱላቸው፤ በልካቸው፣ እሳቸው እንዳሉት ጉታራውን ሞልተው።

ኤርካሎ ከብረት ጉቶው አጠገብ ቆሞ ይሰማል። ሳሚም በሩ ላይ ቆሞ ትንሽ ሰማ። ከዚያ ጫማውን ከገረጋንቲው አራግፎ ወደሱ መጣ፣ እጁን ይዞ ቁልፉን መዳፉ ውስጥ አስቀመጠለት።

«ጋሼ፣ የርስዎ ከሆነ እርስዎ ይጠብቁት» አለው። «እኔ ለቅሶ ልድረስ።»